ንጉሡ፣ ፈኪውና የእንጨቱ ሰሌዳ

(ለአዲስ አንባቢዎች በሬዲዮ ከተሰጠ ንግግር የተጻፈ)

ዛሬም ከባምባሲ ነው የማናግራችሁ። ይህን ጽሑፍ በእጃችሁ የያዛችሁ፣ ጣታችሁን ከቃሉ ሥር እያስኬዳችሁ ተከተሉኝ። የፈጠንኩባችሁ እንደሆነ አይክፋችሁ። ድምፄ አልፎ ይሄዳል፤ ወረቀቱ ግን እናንተው ዘንድ ይቀራል። ማታ ከእራት በኋላ ቀስ ብላችሁ ታነቡታላችሁ።

ነገሬን ከአንድ እንጨት ልጀምር። ባለፈው ሰሞን ከጎልማሶች ክፍላችን አንዲት እናት በጨርቅ የተጠቀለለ ነገር ይዘው መጡ። ሲፈቱት ሰሌዳ ነው። ክንድ የሚያህል፣ ከላይ መያዣ ያለው፣ ከብዙ መታጠብ የተነሣ የለሰለሰ የእንጨት ሰሌዳ። ሎህ ይባላል። የቁርኣን ተማሪ ጥላሸትና ሙጫ በጥብጦ ቀለም ይሠራል። በመቃ ብዕር በሎህ ላይ ይጽፋል። ያጠናል። በቃሉ ሲይዘው ያጥበውና ሌላ ይጽፍበታል። የታጠበበትን ውሃ ለፈውስ የሚጠጣም አለ። አሶሳና ባምባሲ ላደጋችሁ ይህ አዲስ ነገር አይደለም። ለሌሎቻችሁ ብዬ ነው።

እኒያ እናት ሰሌዳውን ጠረጴዛው ላይ አስቀመጡና፣ «መምህር፣ ይህ የአያቴ ነው። አያቴ ከፈኪ ተማሩ። ፈኪው ደግሞ ከማን ተማረ? መጀመሪያ ወደዚህ አገር ይዞት የመጣው ማነው? ንጉሥ አዝዞ ነው?» አሉኝ። ፈኪ ማለት በዚህ በእኛ አካባቢና በሱዳን ቁርኣን የሚያስተምር፣ ለታመመ የሚጸልይ፣ የተጣላ የሚያስታርቅ የሃይማኖት ሰው ማለት ነው።

መልስ አልነበረኝም። መምህራን ማሠልጠኛ ሳለሁ ስለ አክሱም ተምሬአለሁ፤ ስለ ጎንደርም ተምሬአለሁ። ከደጃችን ስለ ነበረው ስለ ሰናር መንግሥት ግን አንድ ገጽ እንኳ አላነበብኩም ነበር። አፈርኩ። ከዚያ ወዲህ ያገኘሁትን ሳነብ ከረምኩ። ዛሬ የምነግራችሁ ያነበብኩትን ነው።

መጀመሪያ አገሩን እንወቅ። ዳቡስ ወደ ዓባይ ይገባል። ዓባይ ወሰኑን ተሻግሮ ሱዳን ይገባል። ወንዙን ይዞ ቁልቁል የወረደ ሰው መጀመሪያ ፋዞግሊን ያገኛል። ከዚያ ሮዛሬስን፣ ከዚያ ሰናርን ያገኛል። ሰናር ዛሬም ከተማ ነው። ድሮ ግን የአንድ ትልቅ መንግሥት ዋና ከተማ ነበር። መንግሥቱ የፉንጅ መንግሥት ይባላል። ከ1504 እስከ 1821 ቆየ። እነዚህ ዓመቶች በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው። ወደኛ አቆጣጠር ለመመለስ 8 ወይም 7 ትቀንሳላችሁ። እስቲ አሁን ከ1504 ላይ 8 ቀንሱ። 1496 ያልችሁ ልክ ናችሁ። ሌሎቹንም ዓመቶች ስትደርሱባቸው እንዲሁ አድርጉ፤ ለሒሳብ ልምምድም ይሆናችኋል።

ፉንጅ ከመምጣቱ በፊት በዚያ አገር የነበረው መንግሥት ክርስቲያን ነበር። ይህን ስሰማ እኔም ገርሞኝ ነበር። አልዋ ይባል ነበር፤ ዋና ከተማው ሶባ ነው፤ ሶባ ከዛሬው ካርቱም አጠገብ ነው። አብያተ ክርስቲያናት ነበሩት፣ ጳጳሳትም ነበሩት። ጳጳሳቱ የሚመጡት ከግብፅ ነበር። ኋላ ግን መንገዱ ተዘጋ፤ ጳጳስ መምጣት ቀረ። ጳጳስ ከሌለ ደግሞ አዲስ ቄስ የሚሾም የለም። አሮጌዎቹ ቄሶች አንድ በአንድ አለቁ።

በ1520 ከፖርቱጋል መልእክተኞች ጋር ወደ ኢትዮጵያ የመጣ አልቫሬዝ የሚባል ቄስ ነበር። ስድስት ዓመት ያህል እዚህ ተቀምጦ ያየውን ጽፏል። በአፄ ልብነ ድንግል ግቢ ሳለ ከኖባ አገር ሰዎች መጡ ይላል። የመጡት ንጉሡን ቄስና መነኩሴ ለመለመን ነው፤ የሚያስተምረን ሰው ስጡን አሉ። ንጉሡ ግን አልሰጧቸውም። እኔ ራሴ አቡን የማስመጣው ከእስክንድርያ ነው፣ ሌላ ሰው የሰጠኝን እንዴት አድርጌ ለሌላ እሰጣለሁ አሏቸው። ሰዎቹ ባዶ እጃቸውን ተመለሱ። ቤተ ክርስቲያኑ ቆሟል፣ የሚያነብበት ሰው ግን የለም። አስቡት እስቲ።

እንግዲህ ፉንጆች የመጡት ወደዚህ አገር ነው።

የመጀመሪያው ንጉሥ ዓማራ ዱንቀስ ይባላል። እዚህ ላይ ቆም በሉ። ዓማራ እዚህ የአንድ ሰው ስም ነው፤ የሕዝብ ስም አይደለም። ከእኛው አማራ ጋር አታገናኙት፤ ተማሪዎቼ ሁልጊዜ ያገናኙታል። ዓማራ ዱንቀስ በ1504 ሰናርን ያዘ። ከሰሜን ያሉትን ዐረቦች የሚመራ አብደላቢ የሚባል ቤተሰብ ነበር፤ እነሱን ምክትል አድርጎ በሥሩ አስገዛቸው። ፉንጆች ከየት እንደመጡ ሊቃውንቱ እስከ ዛሬ ይከራከራሉ። አንዱ ከሽሉክ አገር ከነጭ ዓባይ ነው ይላል። ሌላው ከምዕራብ ከቦርኑ ነው ይላል። ፉንጆች ራሳቸው ግን ሌላ መልስ ነበራቸው፤ ወደ እሱ እመጣለሁ።

በ1523 ዳዊት ሮቤኒ የሚባል አይሁዳዊ መንገደኛ ዓማራ ዱንቀስን አግኝቶታል። መንገደኛው እንዲከበር ብሎ የነቢዩ መሐመድ ዘር ነኝ አለ። ንጉሡም አከበረው፣ አብሮት አስቀመጠው። ከዚህ ምን እንረዳለን? በ1523 በሰናር የነቢዩ ዘር መሆን ዋጋ ነበረው ማለት ነው። ንጉሡ እስልምናን ይዟል፣ ወይም ሊይዝ እየተጠጋ ነው።

ለምን ያዘ? ልቡን እግዚአብሔር ነው የሚያውቀው። የመንግሥት ምክንያቱን ግን እኛም ልናየው እንችላለን። የሰናር ሀብት ንግድ ነው። ወርቅ፣ የዝሆን ጥርስ፣ ባሪያ፣ ግመል። ገዢዎቹ የግብፅና የቀይ ባሕር ነጋዴዎች ናቸው፣ እነሱም እስላሞች ናቸው። ሃይማኖት ካንድ ሲሆን ውልም ይቀላል፣ ዳኝነትም ይቀላል። ደግሞ በ1517 ቱርኮች ግብፅን ያዙ። ቱርክ የእስላም መንግሥት ነው። ጎረቤቱ እስላም ከሆነ፣ ልወጋህ ነው የሚልበት ሰበብ ያጥረዋል።

አሁን ወደ ዘሩ ነገር ልመለስ። ፉንጆች እኛ የኡመያዎች ዘር ነን አሉ። ኡመያዎች በደማስቆ ተቀምጠው የእስላሙን ዓለም የገዙ ቤተሰብ ናቸው። በ750 ሌላ ቤተሰብ ገለበጣቸው። ከሞት የተረፉት ጥቂቶቹ ባሕር ተሻግረው ወደ ሐበሻ አገር መጡ፣ ከዚያ ወደ ፉንጅ ወረዱ፤ የሰናር ነገሥታትም ከእነዚያ ተወለዱ ይላል ታሪካቸው። ይህ የዘር ሐረግ በወረቀት ተጽፎ ነበር። የዛሬ ሊቃውንት አብዛኞቹ አያምኑበትም። ግን አትሳቁባቸው። የእኛስ ነገሥታት የሰሎሞን ዘር ነን ይሉ አልነበር? በዚያ ዘመን ንጉሥ ለመሆን ሰይፍ ብቻ አይበቃም፤ ጥሩ አያትም ያስፈልጋል። ጥሩ አያት ደግሞ በጽሑፍ ይገኛል። እኒያ እናት ይህን ስነግራቸው፣ «ታዲያ የሚጽፍለትን ያገኘ ሁሉ አያት አገኛ!» ብለው ክፍሉን አሳቁት።

ይሁን እንጂ ንጉሡ እስላም ሆነ ማለት የድሮው ልማድ ቀረ ማለት አይደለም። ንጉሡ ሁለት ቀንድ ያለው ቆብ ይደፋ ነበር፤ ይህን ቆብ የሚደፉ በሥሩ ያሉ ሹማምንትም ነበሩ። ሲበላ ማንም አያየውም። ንግሥና በእናት በኩል ይቆጠር ነበር፤ እናቱ ከታወቀው የንግሥና ወገን ያልሆነች ልጅ አይነግሥም። በ1772 ከጎንደር ሲመለስ በሰናር ያለፈው ስኮትላንዳዊ፣ ጀምስ ብሩስ፣ ሁለት ነገር ጽፏል። አንደኛው፣ ንጉሡ በዘመኑ አንድ ጊዜ በገዛ እጁ አርሶ መዝራት አለበት። ገበሬ ያልሆነ ንጉሥ እህል አያበላም ብለው ይሆናል፤ ይህ የእኔ ግምት ነው። ሁለተኛው ያስደነግጣል። በንጉሡ ቤት ውስጥ አንድ ሹም አለ። ሹሙ ከንጉሡ ጋር ይኖራል፣ ቤቱን ይጠብቅለታል። ታላላቆቹ ተሰብስበው ይህ ንጉሥ አይበጅም ካሉ ግን የሚገድለው ያው ሹም ነው። ብሩስ ሹሙን በአካል አግኝቶ አነጋግሮታል። ንጉሥም ሹሙም እስላሞች ናቸው፤ ልማዱ ግን ከእስልምና በፊት የነበረ ነው።

እንግዲህ እስልምናን በየመንደሩ ያስተማረው ማነው? ንጉሡ አይደለም። የሰናር ነገሥታት ሕዝቡ ሁሉ ይስለም ብለው አዋጅ ነግረው በሰይፍ ያስፈጸሙ አይደሉም። ያስተማሩት ሎህ የያዙት ሰዎች ናቸው፣ ፈኪዎቹ።

ስለነሱ የምናውቀው ከአንድ መጽሐፍ ነው። የመጽሐፉ ጸሐፊ ወድ ዴይፈላህ የተባሉ የሰናር መንግሥት ሰው ናቸው፤ በ1727 ተወልደው በ1809 ግድም ዐረፉ። ወደ 270 የሚሆኑ ቅዱሳንና መምህራንን ታሪክ ሰብስበው ጻፉ። ደስ የሚለኝ ነገር፣ የጻፉት በመጽሐፍ ዐረብኛና በመንደር ዐረብኛ ቀላቅለው ነው። እኔም አሁን የማደርገው እሱን ነው አይደል?

በዚያ መጽሐፍ ውስጥ የጃቢር ልጆች የሚባሉ አራት ወንድማማች አሉ። በ16ኛው መቶ ዘመን የኖሩ ናቸው። ከመካከላቸው ግብፅ ሄዶ ሕግ የተማረ አለ። ሲመለስ የተማረውን መጽሐፍ ማስተማር ጀመረ። ተማሪዎቹ በዙ፣ እነሱም ሌላ መንደር ሄደው አስተማሩ። እህት ነበረቻቸው፤ ስሟ ፋጢማ ነው። መጽሐፉ በዕውቀትም በሃይማኖትም ከወንድሞቿ እኩል ነበረች ይላል። ልጇም ታላቅ መምህር ሆነ። ሴቶች አዳማጮቼ፣ ይህን ስም ጻፉት። ፋ፣ ጢ፣ ማ። ከ400 ዓመት በፊት ነው።

ቁርኣን የሚማሩበት ቤት ኸልዋ ይባላል። ልጁ ከቤቱ ወጥቶ ፈኪው ዘንድ ያድራል፣ እንጨት ይለቅማል፣ ውሃ ይቀዳል፣ ሌሊት በእሳት ብርሃን ሎሁን ያነብባል። የቆሎ ተማሪ የነበራችሁ ክርስቲያኖች ይህን ታውቁታላችሁ፤ ቆሎና ውሻ ብቻ ነው የጎደለው። በሰናር አገር ጽሑፍ የሚያውቁት በአብዛኛው ከእነዚህ ቤቶች የወጡ ናቸው። ነጋዴ ውል የሚያጽፈው እነሱ ዘንድ ነው። ውርስ የሚያካፍሉ፣ ጋብቻ የሚያስሩ እነሱ ናቸው። ንጉሡም ደብዳቤ ሲፈልግ የሚጠራው ከእነሱ የተማረውን ነው።

ነገሩ የሚጠብቀው እዚህ ላይ ነው። ንጉሡ ፈኪዎቹን ይፈልጋቸዋል። የኡመያ ዘር ነህ፣ ትክክለኛ ንጉሥ ነህ የሚሉት እነሱ ናቸው። ስለዚህ መሬት ይሰጣቸው ነበር። ይህን መሬት ለእገሌ ሰጥቻለሁ፣ ግብር የሚጠይቀው አይኑር፣ ወታደር አይደርበት፣ ከብቱን የሚነዳበት አይኑር የሚል ወረቀት በማኅተም ይጻፍላቸዋል። ከ18ኛው መቶ ዘመን የተጻፉ እንዲህ ያሉ ወረቀቶች ዛሬም አሉ። እንግዲህ ገበሬው ይህን ሲያይ ምን አደረገ? ግብር የከበደበት፣ ሹም ያሳደደው፣ ዕዳ ያንገላታው እየተነሣ ወደ ፈኪው መንደር ገባ። የፈኪው ቤት መማጸኛ ሆነ። ንጉሡ ለራሱ ድጋፍ ብሎ የጻፈው ወረቀት ከንጉሡ ወታደር መሸሸጊያ ሆነ።

ከሁሉ የሚነገርላቸው ሼህ ኢድሪስ ወድ አል አርባብ ናቸው። ባዲ የሚባለው ንጉሥ ከመንግሥቴ እኩሌታውን ላካፍልዎ አላቸው ይላል መጽሐፉ። ሼህ ኢድሪስ እምቢ አሉ። ይህ መሬት የኖባ ሰዎች ነው፣ እናንተ ቀምታችሁ ነው የያዛችሁት፣ አልቀበለውም አሉት። እንዲህ ያለ ነገር በንጉሥ ፊት መናገር! ይልቅ አንድ ነገር ስጠኝ፣ ለተበደለና ለተፈረደበት ሰው አማላጅ ሆኜ ስመጣ ስማኝ አሉት። መሬቱን ትተው የመናገር ሥልጣን ወሰዱ። እኔ ብልህ ሰው ነበሩ እላለሁ። መሬት የሰጠ ንጉሥ መሬቱን መልሶ ይቀማል። አማላጅ ሆነው የታወቁ ሰው ግን አፋቸውን ማን ይዘጋል?

በሼህ ኢድሪስ ዘመን ትንባሆ አዲስ ገብቶ ነበር። እሳቸው ክልክል ነው አሉ። ከግብፅ የመጣ ሌላ ሊቅ የለም ይፈቀዳል አለ። ክርክሩ እስከ ግብፅ ድረስ መልእክተኛ አስላከ። ጉዳዩ በሃይማኖት ሰዎች መካከል በጽሑፍና በቃል ነው የተሟገተው። ትንባሆውስ ቀረ? አልቀረም፤ ባምባሲ ገበያ ብትሄዱ ታዩታላችሁ።

ሰሜን ዳመር የሚባል ከተማ አለ። በ1814 ያየው ቡርክሃርት የሚባል መንገደኛ ከተማውን የሚገዙት ፈኪዎች ናቸው ይላል። ትምህርት ቤት ነበራቸው፤ ከሩቅ አገር ልጆች እየመጡ ይማሩ ነበር። ነጋዴ በረሃውን ሲሻገር ከፊቱ አንድ ፈኪ ይሄድለታል። ፈኪው ጠመንጃ አልያዘም። ዘራፊው ግን ፈኪውን ይፈራል።

አሁን ለማነጻጸር ያህል ወደ ሌላኛው ጎረቤት፣ ወደ ሐበሻው ንጉሥ ግቢ ልውሰዳችሁ፤ ዘመኑ አንድ ነውና። አፄ ሱስንዮስ ከ1607 እስከ 1632 ነገሡ። ከሰናር ጋር ጉርብትናም ጠብም ነበራቸው። ከሰናር ዙፋን የተባረረ አብዱልቃድር የሚባል ንጉሥ ሸሽቶ መጣ፤ ሱስንዮስ ተቀብለው ጭልጋ ላይ አስቀመጡት። እዩ እንግዲህ፣ እስላም ንጉሥ ከክርስቲያን ንጉሥ ዘንድ ተጠጋ። ሱስንዮስ ለአዲሱ የሰናር ንጉሥ ውድ ስጦታ ላኩ። እሱ በምላሹ ሁለት ያረጁ፣ የታወሩና አንካሳ ፈረሶች ላከ ይባላል። ንቀት ነው። ብዙም ሳይቆይ በ1618 እና በ1619 ጦርነት ሆነ። በእነዚያ ዘመቻዎች ወንዙን ይዞ የፋዞግሊ አገርም ተወጋ።

ያው ሱስንዮስ በአገራቸው ውስጥ ምን አደረጉ? ኢየሱሳውያን የሚባሉ የካቶሊክ መነኮሳት ከአውሮፓ መጥተው ነበር። ንጉሡ ሃይማኖታቸውን ወደዱ። ከፖርቱጋል ጦርና መሣሪያ ይመጣልኛል የሚል ተስፋም ነበራቸው። በ1622 ካቶሊክ መሆናቸውን ገለጡ። በ1626 ለሮማ ጳጳስ እንታዘዛለን ብለው ከነሹማምንታቸው ማሉ። ከዚያ በኋላ ነገሩ አዋጅ ሆነ። ቄሱ እንደገና ይሾም ተባለ፤ ቤተ ክርስቲያኑም እንደገና ይባረክ ተባለ። በዓሉና ጾሙ ተለወጠ። ገበሬው አባቱ የጾመውን ጾም ትተህ ሌላ ጹም ሲባል ምን ይላል? ላስታ ሸፈተ፣ ጎጃም ታወከ። በላይ ቤት ያሉ እመቤቶችም አልተቀበሉም። ወለተ ጴጥሮስ የምትባል የታላቅ ሹም ሚስት ባሏን ጥላ መነኮሰች፤ ታስራ ወደ ቆላ፣ በሱዳን በኩል ወዳለው በረሃ ተጋዘች፤ ሃይማኖቷን ግን አለወጠችም። በ1632 ወይና ደጋ ላይ ታላቅ ጦርነት ሆነ። ንጉሡ አሸነፉ። ግን ከተሸነፉት ወገን 8,000 ያህል ሰው ሞተ ይባላል። ሬሳው የገዛ አገራቸው ገበሬ ሬሳ ነው። በዚያው ወር ሱስንዮስ የቀድሞው ሃይማኖት ይመለስ ብለው አዋጅ አስነገሩ፣ መንግሥቱን ለልጃቸው ለፋሲለደስ ተዉ። በዚያው ዓመት ሞቱ።

በአዋጅ የመጣው ዐሥር ዓመት ብቻ ቆየ። በሰሌዳ የመጣው ይኸው እስከ እኒያ እናት አያት ደረሰ።

ግን ውድ አዳማጮች፣ ሰናርን አሳምሬ እንዳልሸጥላችሁ። የሚያምው ነገር አሁን ነው የሚመጣው፤ እሱም የእኛ የኮረብታው ሰዎች ነገር ነው።

ፋዞግሊ በወርቅ የታወቀ አገር ነበር። አንድ ጊዜ ለሐበሻ ንጉሥ፣ ከ1685 ወዲህ ደግሞ ለሰናር ገበረ። የቤርታ ሰዎችም ከሰናር በኩል በ17ኛውና በ18ኛው መቶ ዘመን ወደዚህ ወደ ተራራው እንደወጡ ይነገራል። ለምን ወጡ? ተራራ ለሸሸ ሰው ይመቻል። ፈረሰኛ ገደል አይወጣም።

የሰናር ንጉሥ ወርቅ ብቻ አይደለም የሚፈልገው። ባሪያም ይፈልጋል። ንጉሡ ባዲ ሁለተኛ፣ ትልቁን የሰናርን መስጊድ አሠርቶ የጨረሰው፣ ከኖባ ተራሮች የማረካቸውን ሰዎች አምጥቶ በሰናር ዙሪያ በየመንደሩ አስፍሮ ወታደር አደረጋቸው። መስጊዱን የሠራውና ሰውን ባሪያ ያደረገው አንድ ሰው ነው። ከደቡቡ ኮረብታዎችም እየታደነ የሚሸጥ ሰው ነበር።

እዚህ ላይ ሃይማኖቱ ምን አለ? በእስልምና ሕግ ነጻ የተወለደ እስላምን ባሪያ ማድረግ ክልክል ነው። ይህን የተከራከሩበት ሊቃውንት ብዙ ናቸው፤ በምዕራብ አፍሪካ በቲምቡክቱ የኖሩት አሕመድ ባባ በ1615 ስለዚሁ ጉዳይ ጽፈዋል። ሕጉ ለእስላሙ ጋሻ ነው። እስላም ላልሆነው ግን ጋሻ የለውም። እንግዲህ ዳኛ ፊት፣ ገበያ ላይ፣ የሰው ነጻነት በአንድ ጥያቄ ተንጠለጠለ፤ ይህ ሰው እስላም ነው ወይስ አይደለም?

በክርስቲያኑም ወገን ያው ነው፤ አንዱን ከስሼ ሌላውን አልተውም። ፍትሐ ነገሥት የሚባለው የቤተ ክርስቲያንና የመንግሥት ሕግ ባርነትን ይፈቅዳል። የጎንደር ነገሥታትም ወደ ቆላው እየዘመቱ ሰው ይማርኩ ነበር። የቆላው ሰው ከሁለቱም ወገን ይታደን ነበር።

ስለዚህ ፈኪው ሎሁን ይዞ ወደ ተራራው ሲወጣ፣ የተቀበለው ሰው ሁሉ ለነፍሱ ብቻ ብሎ አልነበረም። ፊደል ያለው፣ ስሙ የእስላም የሆነ፣ ሲጠይቁት የሚሰግድ ሰው ባሪያ ነጋዴው ሲያገኘው የሚመልሰው ነገር አለው። ይህ አንዱ ምክንያት ነው እንጂ ብቸኛው አይደለም፤ ከልቡ ያመነውን ሰው እምነት ማሳነስ አልፈልግም። ፈኪዎቹም ቢሆኑ ንጹሐን አልነበሩም። ለተበደለ የሚማልዱት ሰዎች በቤታቸው ባሪያ ነበራቸው። ያ መጽሐፍ ራሱ ሳያፍር ይነግረናል።

ይህን በክፍል ሳስረዳ ብዙዎቹ ዝም አሉ። እኒያ እናት ሰሌዳውን በእጃቸው ይዘው ቆዩና፣ «አያቴ ሁልጊዜ ከራስጌያቸው ነበር የሚሰቅሉት። ለጸሎት ነው እንል ነበር» አሉ። ሌላ አልጨመሩም። በጥቁር ሰሌዳ ላይ የጻፍኩትን መቅዳት ቀጠሉ።

የቀረውን ባጭሩ ልንገራችሁ። በ1744 የጎንደሩ ኢያሱ ሁለተኛ ሰናርን ለመያዝ ዘመቱ። ደንደር ወንዝ አጠገብ የሰናሩ ባዲ አራተኛ አሸነፋቸው። የጎንደር ጦር ይዞት የሚዘምተው ኩርዓተ ርእሱ የሚባለው ሥዕል እንኳ ተማረከ፤ ኋላ በወርቅ ተዋጅቶ ተመለሰ። ገዝቶ የመለሰውም ያሸነፈውም ዋጋውን ያውቃሉ፤ የጎረቤትን ሃይማኖት ባያምኑበትም ስንት እንደሚያወጣ ያውቁ ነበር። ባዲ ስሙ ገነነ። ከዚያ በኋላ ግን የድሮ ቤተሰቦችን መሬት እየነጠቀ ለራሱ ወታደሮች ሰጠ። በ1762 የገዛ የጦር አዛዡ፣ አቡ ለይከይሊክ የሚባለው፣ ከዙፋን አወረደው። ከዚያ ወዲህ የሰናር ንጉሥ ስም ብቻ ሆነ። ብሩስ በ1772 ያገኘው እንዲህ ያለውን ንጉሥ ነው።

በ1821 የግብፁ ገዢ ልጅ ኢስማኢል ፓሻ መድፍ ይዞ መጣ። የመጨረሻው ንጉሥ፣ እሱም ባዲ ይባላል፣ ሳይዋጋ እጁን ሰጠ። ሁለቱም እስላሞች ናቸው፤ ሃይማኖት ካንድ መሆኑ በዚያን ጊዜ አላዳነውም። ኢስማኢል ወርቅና ባሪያ ፍለጋ በ1822 መጀመሪያ ላይ ፋዞግሊን አልፎ ወደ ቤርታ ተራሮች ወጣ። የተመኘውን ያህል ወርቅ አላገኘም። ሰው ግን ወሰደ። በዚያው ዓመት መጨረሻ ሸንዲ ላይ የአገሩ ሹም ከነቤቱ በእሳት አቃጠለው። በባርነት የሚነዳው ሰው ግን ለብዙ ዘመን አላቋረጠም። በኢትዮጵያ ባርነትን በሕግ የሻረው አዋጅ የወጣው በ1942 ነው። ይህንም ወደኛ አቆጣጠር መልሱት፤ 8 ቀንሱ።

በሚቀጥለው ንግግር ስለ አሶሳው ሼህ ሖጄሌና በሳቸው ዘመን ስለ ነበረው የወርቅ ግብር እንነጋገራለን። እስከዚያው በዚህ ጽሑፍ ውስጥ ያሉትን የቦታ ስሞች እየለያችሁ በደብተራችሁ ጻፉ። ሰናር፣ ሶባ፣ ፋዞግሊ፣ ጭልጋ፣ ደንደር፣ ዳመር። ቤት ውስጥ ሎህ ያላችሁ ካላችሁ፣ ከመታጠቡ በፊት ምን እንደተጻፈበት የሚያነብላችሁን ሽማግሌ ጠይቁ።